በአባቴ ሽርጥ ላይ የታለመ ካርታ

ካርታ ሣዩን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ አላመንኳቸውም። ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ ከእኛ ቤት ሁለት አጥር አለፍ ብለው ይኖሩ ነበር። የዘመዱ ቀብር የጠፋበት ሰው የሟቹን ልብስ ይወስድላቸዋል፤ እሳቸው ልብሱን ተንተርሰው ይተኛሉ፤ ሲነሱ ያዩትን ቦታ በአሮጌ ካላንደር ጀርባ ይሥላሉ። ክፍያ አይቀበሉም። አንድ ነገር ብቻ ያስጠነቅቃሉ፦ ካርታው ከቤተሰብ ውጭ ለሌላ ሰው ከታየ ቀብሩ ይሰወራል። ስለዚህ ሁሉም የራሱን ሳጥን ውስጥ ቆልፎ ያስቀምጣል፣ ብቻውን አውጥቶ ዱዓ ያደርግበታል። ሰፈሩ ይህን እንደ ቅድስና ቆጠረው። እኔን ግን ያጠራጠረኝ ይኸው ማስጠንቀቂያ ነበር።

አባቴ፣ እኔ ልጅ ሳለሁ፣ ከገራዶ ማዶ ከብት ሊገዛ ወጥቶ መንገድ ላይ ታሞ ሞተ። አብረውት የነበሩት እዚያው ቀብረውት ተመለሱ፤ ቦታውን በቅጡ ሳናውቅ እነሱም አንድ በአንድ አለፉ። እናቴ ከብዙ ዓመት በኋላ ሽርጡን ለካርታ ሣዩ ወሰደችላቸው። በሦስተኛው ቀን ወረቀቱን ይዛ ገባች። ሁለት ጊዜ የሚታጠፍ ወንዝ፣ አንድ ዋርካ፣ ከዋርካው ሥር ረዘም ያለ ድንጋይ። የመንደር ስም የለውም።

«ይኸው አባትሽ» አለችኝ፣ ድንጋዩን በጣቷ እየነካች።

ያኔ ሃያ ዓመት ካለፈኝ በኋላ የጀመርኩትን የማታ ትምህርት እየተማርኩ ነበር፤ ጂኦግራፊ ላይ ደርሰናል። ካርታውን ከደብተሬ ጋር አስተያየሁት። እሳቸው ከወረቀቱ አናት ላይ «ቂብላ» ብለው ጽፈዋል፤ ለደሴ ሰው ቂብላ ወደ ሰሜን ስለሆነ ይህ ሰሜንን ከላይ ከሚያደርገው ከመምህራችን ካርታ ጋር ይስማማል። ድንጋዩ ግን አልተስማማም። የእኛ ሟች በጎኑ ተኝቶ ፊቱን ወደ ቂብላ ያዞራል፤ ስለዚህ ቀብሩ ለቂብላ አግድም ነው። የተሣለው ድንጋይ ግን ቁመቱን ወደ ቂብላ ዘርግቷል። ወረቀቱን ይዤ ሄድኩ።

«ሸህዬ፣ እንዲህ ተደርጎ የሚቀበር ሙስሊም አለ?» አልኳቸው።

ወረቀቱን እንኳ አላዩትም። «ልጄ፣ አንቺ ዘግይተሽ ተማርሽና ሁሉን በማስመሪያ ልለካ አልሽ። የእኔን ደብተር መቼ ነው የምታርሚው? በቀይ እስክሪብቶ ነው?»

በረንዳቸው ላይ የተቀመጡት ሰዎች ሳቁብኝ። እናቴም ሰምታ ሳምንት ሙሉ አኮረፈችኝ።

ካርታ ሣዩ ከሞቱ ዓመት አልፏል። ከቧንቧ ውሃ እስከ ሰኞ ገበያ ወረቀታቸው በየሳጥኑ ተቀምጧል። ዘንድሮ እናቴ ታመመች፤ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ እጄን ይዛ ተናዘዘችልኝ።

«ስሞት ከአባትሽ ጎን ቅበሪኝ። ካርታው አለልሽ።»

የእኛ ጀናዛ ቀን አይሰጥም፤ ሟች በዚያው ቀን ይቀበራል። ቦታውን ሳላጣራ ብትሞት ሬሳዋን መኪና ላይ ጭኜ ወንዝ ለወንዝ ልዞር፣ ወይም ከማላውቀው ሰው ጎን ላስተኛት ነው። የካርታ ሣዩ ልጅ ኮምቦልቻ ክር ፋብሪካ ውስጥ ትሠራለች። በዕረፍት ቀኗ የተከራየቻት ክፍል ድረስ ሄድኩ። የፈለግሁት የመንደሩን ስም ብቻ ነበር።

«ሰዎቹ መጥተው ያልወሰዷቸው ካርታዎች አሉ፤ ምናልባት ከእነሱ ላይ ተጽፎ ይሆናል» ብላ ከአልጋ ሥር ጥቅል አወጣች። አራት ነበሩ። አልጋው ላይ ዘረጋኋቸውና የእኛን ከአጠገባቸው አደረግሁ። በአምስቱም ወንዙ ሁለት ጊዜ ይታጠፋል። በአምስቱም ዋርካው አለ፣ ድንጋዩም ቁመቱን ወደ ቂብላ ዘርግቷል።

«ሁሉም አንድ ቦታ ናቸው» አልኳት።

«ናቸዋ። አገሩ ነው።»

«የማን አገር?»

«የአባቴ። ይኼ ወንዛቸው፣ ይኼ ዋርካቸው፣ ይኼ የአያቴ ቤት የደጃፉ ድንጋይ። በልጅነቱ ወጥቶ አልተመለሰም።»

«ቀብር ነው ብለው ነው የሰጡን።»

«ቀብር ያላችሁት እናንተ ናችሁ። ወላሂ እህቴ፣ አባቴ አልዋሸም። የማንንም ልብስ ቢንተራስ የሚያየው ይህንኑ ነው። ያየውን ሣለ።»

«ታዲያ ለሌላ ሰው አታሳዩ ያሉን ለምንድን ነው?»

ካርታዎቹን መጠቅለል ጀመረች። «እሱን አላውቅም» አለች፣ ቀና ሳትል።

እውነቷን ይሁን አባቷን እየሸፈነች፣ እስካሁን አልለየሁም። የስንቱ ቤተሰብ እንባ በአንድ ደጃፍ ላይ ሲፈስ ዝም ያሉ ሰው ምን እንደሚባሉ ልጠይቃት አስቤ ተውኩት። ልጃቸው ናት።

ከኮምቦልቻ ደሴ እስክወጣ ሚኒባሱ ውስጥ ለእናቴ የምነግራትን ውሸት አሰናዳሁ። ሦስት ዓይነት ሆነልኝ፤ አንዱም አፌ ላይ አልመጣም። ያየሁትን በቅደም ተከተል ነገርኳት። ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። እንደ ድሮው አኩርፋለች ብዬ ልነሳ ስል ተናገረች።

«ከሰፈራችን በላይ ያለው መቃብር ቦታ አለው?»

«ያለው ይመስለኛል።»

«እንግዲያ እዚያ ቅበሪኝ። አባትሽ የት እንዳለ አላህ ያውቀዋል። እኔ ግን በእግርሽ የምትደርሺብኝ ልሁን። ሻሼን ይዘሽ የሰው ደጅ እንዳትጠኚ።»

በማግስቱ ጠዋት ወደ መቃብሩ ወጣሁ። ጠባቂው በሩ ላይ ተቀምጦ ነበር። «ቦታ አለ፣ አብሽሪ» አለኝ። ቃሉን ብቻ ይዤ አልተመለስኩም። ገብቼ አየሁ።