ጋሼ የሚያስተርፏት አሥራ ሁለተኛዋ ቦታ

ጋሼን ሳስብ ዓይኔ ላይ የምትመጣው አንዲት ባዶ መቀመጫ ናት።

አጎቴ ጋሼ ጊንጪ ውስጥ የሰባተኛ ክፍል የሒሳብ አስተማሪዬ ነበሩ። አንድ ቀን «አንድ ላንድሮቨር ቢበዛ አሥራ ሁለት ሰው ይይዛል፤ ይህን በምልክት ጻፉ» ብለው ፈተኑን። እኔ «ከአሥራ ሁለት ያንሳል» የሚለውን ምልክት ጻፍኩ። መልሱ «ያንሳል ወይም እኩል ነው» ስለነበር በቀይ እስክሪብቶ ኤክስ አደረጉብኝ።

ቤት ስንገባ አኮረፍኳቸው። ቅዳሜ ቅዳሜ ከቀበሌ ስብሰባ በኋላ በአባቴ ላንድሮቨር አምቦ ገበያ ስንሄድ፣ ጋሼ አሥራ አንድ ሰው ካስገቡ በኋላ የቀረችውን ቦታ ለማንም አይሰጡም ነበር። ከጭልሞ ደን ወርዶ አስፋልቱ ዳር የደከመው ሰው ሲያዩ አባቴን ያስቆሙና በሩን ከፍተው «ኮቱ፣ ይግቡ» ይላሉ።

«እርስዎስ መቼ አሥራ ሁለት ሞልተው ተነስተው ያውቃሉ?» አልኳቸው።

ሳቁ። «መኪናው አሥራ ሁለት ይይዛል፣ የኔ ልጅ። አንዷን የማስተርፋት እኔ ነኝ እንጂ መኪናው አይደለም።»

ባለፈው ሳምንት አምቦ ቀብረናቸው ስንመለስ ቦታ ማስተረፍ ትዝ ያለው ሰው የለም፤ እኔንም ጭምር። ጊንጪ ልንደርስ ስንል አንዲት አሮጊት እጃቸውን ዘረጉልን። አባቴ ቀስ አለና ዞሮ ጋሼ ይቀመጡበት የነበረውን ቦታ አየ። እኔም ቆጠርኩ። አሥራ ሁለት ነን። ፈተና ላይ ቢሆን ልክ ነበርን።

አለፍናቸው። እጃቸውን እስኪያወርዱ ድረስ በኋላው መስኮት አየኋቸው።