በኪራይ ጫካ ውስጥ የተነገረ መርዶ

ትናንት ከሰዓት በኋላ ሮማ፣ ቶር ፒኛታራ በሚባለው ሰፈር፣ ከቤቴ ሥር ካለው ባር ገብቼ ሻዬን እያማሰልኩ ሳለ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለው ቴሌቪዥን የአንድ ሽማግሌ ፎቶ አሳየ። ፊቱን አላወቅሁትም። ዜና አንባቢዋ ስሙን ስትጠራ ግን እጄ ማንኪያው ላይ ቀረ። ሲኞር ኤቫሪስቶ በአገሩ በስፔን፣ ዕድሜ ጠግቦ አርፏል። ሥራዎቹን ትዘረዝር ጀመረች። በወጣትነቱ በስፔን በረሃ የቀረጻቸው የካውቦይ ፊልሞች፣ ቀጥሎ ሙታን ከመቃብር የሚነሡባቸው አስፈሪ ፊልሞች፣ ቀጥሎ ሮማ መጥቶ የሠራቸው የጫካ ፊልሞች፣ በስተመጨረሻ ደግሞ ለአገሩ ቴሌቪዥን ያዘጋጃቸው የፖሊስ ድራማዎች።

የጫካዎቹ ላይ ስትደርስ ፈገግ አለች። ራሱም ባይቆጠሩለት ይመርጥ ነበር አለች። እውነቷን ነው። ከእነዚያ በአንዱ ውስጥ እኔም አለሁ። የቃጫ ቀሚስ ለብሼ፣ ጉንጬን ነጭ ቀለም ተቀብቼ፣ በየትኛውም አገር የሌለ ነገድ ሴት ሆኜ ቆሜያለሁ። ሻዬ እስኪቀዘቅዝ ድረስ ሳስበው ቆየሁ።

ነገሩ የሆነው በደርግ ዘመን፣ ቀይ ሽብር አዲስ አበባን ያስለቅስ በነበረበት ወቅት ነው። ያስለቅስ አልኩ እንጂ ማልቀስም ተከልክሎ ነበር። እኛ ያን ጊዜ ሮማ የነበርን ሴቶች አብዛኛዎቻችን የቤት ሠራተኞች ነበርን። እዚያው አሠሪዎቻችን ዘንድ እናድራለን፤ የራሳችን የምንለው ሐሙስ ከሰዓትንና እሑድን ብቻ ነው። በእነዚያ ሰዓታት ኤስኲሊኖ የሚባለው ሰፈር፣ አደባባዩ ዙሪያ ካሉት ቅስቶች ሥር እንገናኝና ያገር ቤት ወሬ እንለዋወጣለን። እንደ እህቴ የማያት አስካለ ነበረች። ቀጭን፣ ረጅም፣ ሳቋ ከሩቅ የሚሰማ። ወሬዋ ሁሉ ሰሎሞን ነው። ታናሽ ወንድሟ ነው፤ አባታቸው በልጅነታቸው ስለሞተ አዝላ ያሳደገችው እሷ ናት። ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ቅስቶቹ ሥር ለተሰበሰብነው ሁሉ ጄላቶ የሚሉትን አይስክሬም ጋብዛለች።

ወደ ፊልሙ ያስገባን ማርዮ ነው። አባቱ ጣሊያን፣ እናቱ የአዲስ አበባ ሰው፤ አማርኛውም ጣሊያንኛውም እኩል ይፈስለታል። ጥቁር ፊት የሚፈልግ ፊልም ሠሪ ሁሉ እሱን ይጠራዋል፣ እሱ እኛን። ከቲቡርቲና ጣቢያ በአውቶቡስ እየጫነ፣ ከከተማው ዳር ወዳለ ትንሽ ስቱዲዮ ይወስደናል። አፍሪካም፣ አማዞንም፣ የደቡብ ባሕር ደሴትም እዚያች መጋዘን ውስጥ ነበሩ። ዘንባባዎቹ ከአትክልት ነጋዴ በኪራይ የመጡ ስለሆኑ ገንዳቸው በሣር ይሸፈናል፤ ማታ ማታም ውኃ ይጠጣሉ። ከእኛ የተሻለ ይጠነቀቁላቸው ነበር።

ያን ጊዜ በዚያ ስቱዲዮ ሲቀረጽ ድምፅ አብሮ አይቀዳም። ካሜራው ይንጣጣል፣ አናጢው ሚስማር ይመታል፣ ዳይሬክተሩ ይጮኻል፤ ተዋንያኑም እያንዳንዱ በየቋንቋው ያወራል። ድምፁን በኋላ ሌሎች ሰዎች አዳራሽ ውስጥ ተቀምጠው ያስገቡታል። ስለዚህ እኛን የፈለጋችሁትን ተናገሩ፣ አፋችሁ ብቻ ይንቀሳቀስ ይሉን ነበር። አንድ ጊዜ እኔና አስካለ ሲኞራዎቻችንን፣ አሠሪ እመቤቶቻችንን፣ ስናማ የዋልንበት ፊልም ሲወጣ፣ ለእሳተ ገሞራ የሚጸልዩ ሴቶች ሆነን አረፍነው።

ሲኞር ኤቫሪስቶን «እስፓኞሎ»፣ ስፔናዊው፣ እንለው ነበር። አርባ ዓመት ያለፈው፣ ሲጋራ የማይለየው፣ ሁልጊዜ የቸኮለ ሰው ነው። ምሳ ሰዓት ላይ ግን ከእኛ ጋር ሣጥን ላይ ተቀምጦ ይበላል። ሁዳዴ ስለነበር ሞርታዴላ የሚሉት የአሳማ ሥጋ ያለበትን ዳቦ ስንመልስ አይቶ፣ በሚቀጥለው ቀረጻ ካርቾፊ የሚሉትን አትክልት በዘይት አሠርቶ አስመጣልን። እየበላ ስለ ራሱ ያወራል፣ ማርዮ ይተረጉማል። የካውቦይ ፊልሞቹ ላይ ስሙን አሜሪካዊ አድርገው ስለለጠፉ እናቱ እንኳ የእሱ መሆናቸውን አታምንም። አስፈሪዎቹን ሁለት ሁለት ጊዜ ይቀርጻቸው ነበር፤ አንዱን ሴቶቹ ለብሰው ለአገሩ ሳንሱር፣ ሌላውን ሳይለብሱ ለውጭ ገበያ። «አሎራ፣ እንግዲህ አንድ ቀን የራሴን ፊልም እሠራለሁ» ይላል። ይህን ሲል አስካለ ሳቋን ትለቀዋለች፤ እሱም አብሯት ይስቃል።

አንድ ሰኞ ከአዲስ አበባ የመጣች ልጅ ወሬ ይዛ መጣች። ሰሎሞን ተገድሏል። አስከሬኑን አልሰጡም፤ እናቱም እንዳታለቅስ ተነግሯታል። ልጅቷ ይህን የነገረችው ለእትዬ በላይነሽ ነው። እትዬ በላይነሽ ከማናችንም በፊት ከአንድ ጣሊያን ቤተሰብ ጋር ሮማ የገቡ፣ ቶር ፒኛታራ የራሳቸው ክፍል ያላቸው፣ ለሁላችንም እናት የሆኑ ሴት ናቸው።

መርዶ እንዴት እንደሚነገር የታወቀ ነው። ሰው ተሰብስቦ፣ ሌሊቱ ሳይነጋጋ፣ ቤቷ ተሂዶ፣ የሚይዛት ሰው ግራና ቀኝ ቆሞ ነው። አስካለ ግን ቤት የላትም። በሲኞራዋ ወጥ ቤት ውስጥ ምን ብሎ ይነገራል? ማንስ ይይዛታል? እትዬ በላይነሽ አሰቡበትና ቅዳሜ ማታ እሳቸው ጋ እንድታድር፣ እሑድ ጎሕ ሲቀድ እንዲነገራት ወሰኑ። ከእሳቸው ሌላ መካሪ አልነበረንም።

መሐል ላይ ሐሙስ ነበረ። ለፊልሙ ቃል ተገብቷል፤ ከየሲኞራዎቻችንም ቀኑን ሙሉ ፈቃድ አግኝተናል። ብንቀር ትጠረጥራለች፤ ባንቀር ደግሞ ፊቷን እያየን እንውላለን። እትዬ በላይነሽ ቀረጻ አይወዱም፤ የዚያን ዕለት ግን ልጆቹን ልጠብቅ ብለው መጡ። የቃጫውን ቀሚስ ከራሳቸው ቀሚስ በላይ ካልሆነ አልለብስም ብለው የአልባሳት ሠራተኛዋን አስጨነቋት። አስካለ ይህን አይታ እስክትንፈቀፈቅ ሳቀች። እኛም ለመሳቅ ሞከርን።

ከዚያ እስፓኞሎ የዕለቱን ሥራ አስረዳ፣ ማርዮ ተረጎመ። የነገዱ አለቃ ልጅ በነጭ አዳኞች ተገድሏል፤ እህቱ ሬሳው ላይ ወድቃ ታለቅሳለች፤ የመንደሩ ሴቶች ከበው ያለቅሳሉ።

«እህት አንቺ ነሽ» አለ ወደ አስካለ እያመለከተ።

እትዬ በላይነሽ ወደፊት ወጡ። «ማርዮ፣ ሌላ ይምረጥ በለው። ይቺ ልጅ ትንሽ አሟታል።»

«ኧረ ደህና ነኝ» አለች አስካለ።

«እንግዲያው እኔ አለቅሳለሁ።»

«እትዬ በላይነሽ፣ እህት ነው የሚፈልገው» አለ ማርዮ። «እርስዎ እናት ይሆናሉ እንጂ።»

በአማርኛ እንዳንናገር አስካለ እዚያው ናት። በጣሊያንኛ እንዳንናገር እሷ ከሁላችንም በላይ ታውቃለች። ማርዮን ለብቻው እንዳንጠራው ምላሱን ፈራነው። እስፓኞሎ ደግሞ ይህን ፊት ስፈልግ ነው የኖርኩት እያለ አገጯን ይዞ ወደ መብራቱ ያዞራታል። እጃችንን አጣምረን ቆምን።

ሬሳ ሆኖ የሚተኛው ብራዚላዊ ወጣት ሣሩ ላይ ተጋደመ፤ ደም የተባለውን ቀይ ሽሮፕ ደረቱ ላይ አፈሰሱለት። ካሜራው መንጣጣት ጀመረ። አስካለ በጉልበቷ ተንበርክካ «ወንድሜ፣ ወንድሜ» አለችና ሳቋ መጣ። አቆሙ። እንደገና ጀመሩ፣ እንደገና ሳቀች። ሽንኩርት አመጡላት። እስፓኞሎ ወደ እኛ ዞሮ፣ እናንተ ካለቀሳችሁ እሷም ታለቅሳለች፣ ጀምሩ አለን።

እትዬ በላይነሽ ሁለት እጃቸውን አንሥተው ደረታቸው ላይ አሳረፉ። ያን ድምፅ የሰማ ሐበሻ አይሳሳተውም። ሰኞ የጀመረ፣ ታፍኖ የቆየ ለቅሶ ነው የወጣው። እኔም ራሴን መያዝ አቃተኝ፤ ሌሎቹም። አንዳችንም ስም አልጠራንም።

አስካለ ሽንኩርቱን እንደያዘች ቀና አለች። ከአንዳችን ወደ አንዳችን ተመለከተች።

«እትዬ በላይነሽ፣ የውሸት ነው አይደል?»

እትዬ በላይነሽ ደረታቸውን መምታት አላቆሙም።

«ሙሉ» አለችኝ። «ማን ነው? እማዬ ናት?»

አጠገቧ ሄጄ ተንበረከክሁ።

«ሰሎሞን ነው?»

«ጠንከር በይ ልጄ» አሏት እትዬ በላይነሽ፤ የመርዶው ቃል በዚህ ሁኔታ ወጣ። አስካለ ብራዚላዊው ላይ ወደቀች። ምስኪኑ ተነሥ ያለው ሰው ስለሌለ ዓይኑን ጨፍኖ ተኝቷል። ካሜራው መንጣጣቱን ቀጠለ። እስፓኞሎ ድንቅ ነው፣ እንዳታቆሙ እያለ በጣቶቹ ጫፍ ይሄዳል። ከቀራጮቹ መካከል ቃላቱ የገቡት ማርዮን ብቻ ነው። አፉን በእጁ ሸፍኖ ቆየና ሄዶ የእስፓኞሎን ክንድ ይዞ ነገረው።

ካሜራው ሲቆም እስፓኞሎ ሣጥን ላይ ቁጭ አለ። ገንዘቡን ያወጣው የፊልሙ አምራች ስልክ ደውሎ ዘንባባዎቹ ማታ ይመለሳሉ፣ ሥራ ይቀጥል ሲለው፣ መብራቱ ተበላሽቷል ብሎ ዋሸልን። በዚያ በኪራይ ጫካ ውስጥ፣ ቃጫችንን እንደለበስን፣ መሬት ተቀምጠን እስኪመሽ አለቀስን። አናጢዎቹ ባርኔጣቸውን አውልቀው ጥግ ይዘው ቆሙ። ብራዚላዊው ሽሮፑን ታጥቦ መጥቶ አስካለ አጠገብ ተቀመጠ።

ሊመሽ ሲል እስፓኞሎ አስካለን፣ ያን ዕለት ጣሊያንኛው ስለጠፋባት፣ በማርዮ በኩል አነጋገራት። የእሱም ታላቅ ወንድም በአገሩ የእርስ በርስ ጦርነት ተረሽኗል። እናቱ ጥቁር እንዳትለብስ ስለተከለከለች የምታለቅሰው ጓዳ ገብታ ነበር። «ፊልሙ የአምራቹ ነው፣ እኔ ተቀጣሪ ነኝ። ይህን ክፍል ግን ተበላሸ ብዬ ልጥለው እችላለሁ። ልጣለው?»

«አገር ቤት አልተለቀሰለትም» አለች አስካለ። «ይተወው።»

ፊልሙ ሲወጣ ተያይዘን ሄድን። የአስካለ አፍ ወንድሜ ሲል፣ የማናውቃት ሴት ድምፅ ትርጉም የሌለው ጩኸት ይጮኻል። ከኋላችን የተቀመጡት ሳቁ። ምን እንላለን? ገንዘባቸውን ከፍለው ለመሳቅ የመጡ ሰዎች ናቸው። አስካለ እስኪያልቅ አየችው፤ ስንወጣ ስለ ዝናቡ ብቻ አወራን።

ደርግ ወድቆ መንገዱ ሲከፈት አስካለ እናቷን እማማ ወርቄን አመጣቻቸው። የሰሎሞንን ለቅሶ ነገር ሰምተው ኖሮ፣ ካላየሁ አሉ። ኤስኲሊኖ ገበያ ላይ ካሴቱን አገኘነውና ከፈትንላቸው። የቃጫ ቀሚሱንም፣ ዘንባባውንም ከቁም ነገር አልጣፉትም። እትዬ በላይነሽ ደረታቸውን ሲመቱ እሳቸውም መቱ። ሰሎሞንን በስሙ እየጠሩ፣ አዲስ አበባ ላይ የተከለከሉትን ሁሉ አለቀሱ። ከዚያ ትዕይንቱ ተቆረጠና አዳኞቹ በጀልባ ሲሸሹ አሳየ። እማማ ወርቄ ዓይናቸውን ጠርገው ትንሽ ጠበቁ።

«የት ነው የቀበራችሁት?» አሉ።

«እማዬ፣ ፊልም ነው እኮ» አለች አስካለ። «ልጁ ተዋናይ ነው። ከዚያ በኋላ ተነሥቶ ቤቱ ሄደ።»

«አውቃለሁ ልጄ። የእኔን ደብቀውብኛል፤ ይሄኛው ግን ተለቅሶለታል። ከዚያስ ወዴት ወሰዱት?»

አስካለ እኔን አየችኝ፤ እኔ ቴሌቪዥኑን አየሁ። እማማ ወርቄ የቀረውን ፊልም እስከ መጨረሻው ተከታተሉ። ቀብሩ ይመጣል ብለው ነበር።

ትናንት ከባሩ ወጥቼ ለአስካለ ስደውልላት ዜናውን ሰምታለች። «ነፍስ ይማር» አለች። መጥፎ ሰው አልነበረም ተባባልን። የራሴን ፊልም እሠራለሁ ይል የነበረውን ይሥራው አይሥራው ሁለታችንም አናውቅም። ሰሎሞንንም እስከ ዛሬ የት እንደጣሉት የሚያውቅ አልተገኘም። እማማ ወርቄ ካረፉ ቆይተዋል። ያን ቀን ግን እዚህ ነው ብለን አንድ ቦታ ብንነግራቸው ምን ነበረበት እላለሁ፤ መልሼ ደግሞ እንሂድና አሳዩኝ ቢሉንስ እላለሁ።