ከመጨረሻው የገቡት ጋሽ እሸቴ

መጀመሪያ ዓይኔ የገባው የጫማቸው ተረከዝ ነው። ጋሽ እሸቴ የሰሚትን ኮንዶሚኒየም ደረጃ ከፊቴ ሲወጡ የቀኙ ተረከዝ ገና ደልዳላ ነው፤ የግራው ግን እንደ ሳሙና ሟሙቷል። ምን ሆኖ ነው ብላቸው፣ ወደ ግራ ብቻ ስዞር ከርሜ ነው አሉኝ። ደረጃው መሐል ቆመው ያስረዱኝ ጀመር። ሠላሳ ስምንት ዓመት ፊዚክስ ያስተማሩ ሰው ናቸው፤ ቆሞ ያዳመጣቸው ሰው ክፍል ገባ ማለት ነው።

የሚዞሩት ወረዳ ጽሕፈት ቤት ውስጥ ነበር። ባለቤታቸው ከሞቱ ስድስት ዓመት ሆኗል፤ ጊዜው ያለፈበት መታወቂያቸው ግን አሁንም «ያገባ» ይላል። መስኮት ሦስት፣ መታወቂያ ለማደስ የሞት ማስረጃ ያምጡ ይላል። መስኮት አምስት፣ የሞት ማስረጃ ለማውጣት የታደሰ መታወቂያ ያምጡ ይላል። ከሦስት ወደ አምስት፣ ከአምስት ወደ ሦስት፣ ሰባት ወር። ሌላ ሰው ቢሆን ይራገማል፤ እሳቸው ቲዎሪ አወጡ።

በቀረው ዓለም ምክንያት ይቀድማል፣ ውጤት ይከተላል። ወረዳ ግቢ ውስጥ ግን ጊዜ ክብ ነው። «ነገ ይምጡ» ተብለህ ነገ ስትደርስ እንደገና «ነገ ይምጡ» የምትባለውም ለዚህ ነው። ክብ መጀመሪያ የለውም፤ መጀመሪያ የሌለውን ነገር ደግሞ ከመጨረሻው መግባት ይቻላል።

ለእሳቸው ይህ ጨዋታ አልነበረም። አያት ሰፈር የሚኖሩትን ወይዘሮ ዓለሚቱን ማግባት ይፈልጋሉ፤ ቤተ ክርስቲያኑ ደግሞ «ያላገባ» የሚል ማስረጃ ጠይቋል፤ እሱም ያለ ታደሰ መታወቂያ አይወጣም። ዐቢይ ጾም ከገባ ሰርግ የለም። ፋሲካን እንዳይጠብቁ፣ ወይዘሮዋን ልጃቸው ጉቱ በጾሙ መሐል አዳማ ሊወስዳቸው ነው። የቀረችው የቅበላ እሁድ ብቻ ናት።

ስለዚህ መጨረሻውን አስቀደሙ፤ የሰርግ ካርድ አሳተሙ። አንዱ ለእኔ ደረሰኝ። አንዱን ደግሞ መስኮት ስምንት ላይ «ያላገባ» የሚለውን ማስረጃ ለምትሰጠው ለሰብሊ ሰጧት። ሰብሊ ካርዱን ገልበጥ አድርጋ አየችው፤ ወርቃማ ቀለበት አለው፣ ቀን አለው፣ ሰዓት አለው።

«ጋሼ፣ ካርድ የሚታተመው እኮ ማስረጃው ከወጣ በኋላ ነው። ጠፋብዎት እንዴ?»

መምህር ናቸው፤ አይዋሹም። «በእጄ የለም፣ የኔ ልጅ።»

«ታዲያ እስካሁን ምን ያዞርዎታል? የሚያስፈልግዎት ምትክ ነዋ። ምትክ ለማውጣት መታወቂያ አይጠየቅም።»

ዓርብ ከሰዓት ሰሚት ታክሲ ማዞሪያው ላይ አገኘኋቸው። ወረቀቱን እንደ አራስ ልጅ ታቅፈውታል። «ምትክ» የሚል ማኅተም አርፎበታል፤ ጨርሶ ያልተወለደ ወረቀት ምትክ። ቀለሙ ስላልደረቀ ሁለታችንም እፍ እያልንበት ቆምን። ዛፉ ሳይኖር ጥላው ሲበቅል ያየሁ ያህል ነው የደነቀኝ።

እንግዲህ እሁድ ሰርግ ነው አልኩና ወይዘሮ ዓለሚቱ ምን እንዳሉ ጠየቅኳቸው። ጋሽ እሸቴ ወረቀቱን አጥፈው ደረት ኪሳቸው ከተቱት።

«እሷን ገና አልጠየቅኳትም» አሉ። «በክቡ ሕግ መሠረት ጥያቄው የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው።»

ታክሲው ሞልቶ እስኪነሣ አልጠበቁም፤ የምለውን እያሰብኩ በእግሬ ልሂድ አሉኝ። ያ የተበላ ተረከዝ በየእርምጃው ወደ ግራ ሊያዞራቸው እየታገለ፣ እሳቸው ቀጥ ብለው በአያት መንገድ ሄዱ።