በር ላይ የተቀመሰው ስኳር ድንች

ፖሊሶች የያዙኝ አምቦ ውስጥ፣ የመመረቂያ ጽሑፌን ላስጠርዝ በገባሁበት ፎቶ ኮፒ ቤት ነው። ከእኔ ቀድሞ የወጣ ሰው ማሽኑ ላይ መንግሥትን የሚቃወም ወረቀት ትቶ ነበር። ወረቀቱ የእኔ እንዳልሆነ ተናገርኩ። ድምፄ ዝቅ ያለ ስለሆነ ይሁን ስላልፈለጉ አላውቅም፣ አልሰሙኝም።

ያስገቡኝ ክፍል ቀድሞ የማዳበሪያ መጋዘን ነበር። ሽታው ከግድግዳው አልወጣም፤ ዓይን ያቃጥላል። አሥራ አንድ ሴቶች ነበርን። የመጀመሪያውን ሳምንት የበላሁት ሁሉ አልረጋልኝም። ሽሮውን ገና ስጎርሰው ከዚያ ሽታ ጋር ተደባልቆ ይመለሳል። ወደ በር ወጥታ የሁላችንን ምግብ የምትቀበለው አንዲት ሽንኩርት ነጋዴ ነበረች፤ አዴ እንላታለን። «ልጅሽ ምንም አትበላም» ብላ ለእናቴ የነገረቻት እሷ ናት።

በማግስቱ በስኳር የተሠራ ስኳር ድንች መጣ።

አሠራሩን ለእናቴ ያሳየኋት እኔ ነኝ። እኔ ደግሞ የተማርኩት ከወላይታ ከመጣች የዶርም ጓደኛዬ ነው። ስኳር ድንቹ ተልጦ በአውራ ጣት ውፍረት ይቆረጣል። ስኳር በጥቂት ውኃ ይሟሟል፤ ዘይት፣ ቀረፋና ሁለት ፍሬ ቅርንፉድ ይገባበታል። እሳቱ ይቀነሳል። ከዚያ በኋላ በማማሰያ መንካት የለም፤ የድስቱን ጆሮ ይዞ መወዝወዝ ብቻ ነው። መረቁ እንደ ማር ሲወፍር ሎሚ ጠብ ይደረግበታል፤ አለዚያ ስኳሩ ተመልሶ አሸዋ ይሆናል። እናቴ ግን ማማሰል መተው አትችልም። የእሷ ሁልጊዜ የተፈረካከሰና አሸዋማ ነው። ያንን በላሁ። ረጋልኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በየቀኑ ሠራች።

አንድ ቀን አዴን ወገቧን አመማትና «ዛሬ አንቺ ሂጂ፣ ኢንታላ ኮ» አለችኝ፤ ልጄ ማለቷ ነው። ሰው ፊት መቆም አልወድም። ግን ሄድኩ።

በሩ ላይ ሰልፍ ነበር። ተረኛው ፖሊስ ሳህኑን ከፍቶ እያንዳንዱን ቁራጭ በሽቦ ይወጋል፤ ከዚያ ያመጣው ሰው ይቀምሳል። እናቴ ተራዋ ደርሶ ነበር። እኔን አላየችኝም።

«ሀርሜ፣ ይቅመሱ እንጂ» አላት። በኦሮምኛ እናቴ እያለ ነው የሚያዛት።

«ልጄ፣ ጾም ላይ ነኝ። ገና ስድስት ሰዓት ነው።»

«ትናንትም እንዲሁ ብለው ቀምሰዋል።»

«ታዲያ የትናንቱ ለዛሬ አይሆንም?»

ሰልፈኛው ሳቀ። እሱም ሳቀ። «እግዜር ስኳር ድንች አይቆጥርም፣ አይፍሩ።»

የገና ጾም ነበር። እናቴ ዘጠኝ ሰዓት ሳይሆን ውኃ እንኳ አትቀምስም፤ ታማም ስትገድፍ አይቼ አላውቅም። እኔን ለማብላት በየቀኑ እዚያ በር ላይ ጾሟን ስትገድፍ እንደሰነበተች ያኔ ገባኝ። አዴ ታውቅ ነበር፤ አልነገረችኝም።

«እኔ ልቅመስ» አልኩ።

ፖሊሱ ዞረ። «አንቺ ደግሞ ማን ነሽ?»

«ልጇ ነኝ። የምበላው እኔ ነኝ። መርዝ ካለውም የምሞተው እኔ ነኝ።»

«ያመጣ ነው የሚቀምሰው። ቀልዱን ተዪና ወደ ኋላ!»

«እንግዲያው ይመለስ። አልበላም።»

እናቴ ከተያዝኩ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ አየችኝ። ታለቅሳለች ብዬ ነበር። «አንቺ ልጅ፣ አፍሽን ዝጊ!» አለች። ከሳህኑ ትልቁን ቁራጭ አንስታ ጎረሰች፤ ደገመች። ዓይኗን ከእኔ ሳትነቅል አኝካ ዋጠች። «አሁን ይግባላት» አለችው። ነጠላዋን አስተካክላ ሄደች።

ሳህኑን ይዤ ገባሁና ጥግ ላይ አስቀመጥኩት።

«አትበዪም እንዴ?» አለች አዴ።

«ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን።»

«ከመቼ ወዲህ ነው ጾመኛ የሆንሽው?»

«ከዛሬ።»

«ብነግርሽ መብላቱን ትተዪው ነበር፤ ብትተዪው ደግሞ እዚሁ ትቀሪ ነበር» አለች።

ሰዓት የነበራት ሴት አልነበረችም። አዴ በመስኮቱ የምትገባውን ፀሐይ ግድግዳው ላይ እያየች ቆጠረችልኝ። «ሆነ» ስትል ተነሣሁና ለአሥራ አንዳችን አካፈልኩ። ስኳሩ ደርቆ ጥርስ ላይ ይንኮሻኮሻል። እስክፈታ ድረስ ከዘጠኝ ሰዓት በፊት አልበላሁም።

ክስ ሳይቀርብብኝ ለቀቁኝ። ወረቀቱ የማን እንደነበር የጠየቀኝም የለም፤ «ሂጂ» ብቻ ነው ያሉኝ።

እናቴ ጾሟን መግደፏን ለንስሐ አባቷ ተናገረች። እሳቸውም አዝነውላት ቀለል ያለ ስግደት ሰጧት። ጉልበቷ ስለሚያማት ግድግዳ ተደግፋ ስትነሣ ከጎን ክፍል እሰማታለሁ። አንድ ጊዜ ላነሣት ገባሁ። «ውጪ፣ የራሴ ነው» አለችኝ።

አሁን ስኳር ድንቹን የምሠራው እኔ ነኝ። እሷ አትቀምሰውም፤ እኔም ቅመሺ አልላትም። ያንን ፖሊስ አንዳንዴ ገበያ ውስጥ አገኘዋለሁ። ወፍሯል። «ሀርሜ ደኅና ናቸው?» ይለኛል፣ ከልቡ ይመስላል። «ደኅና ናት» እልና አልፋለሁ። በዚያ ሁሉ ነገር ውስጥ «አጥፍቻለሁ» ብሎ የተናገረ ሰው እናቴ ብቻ ናት።