ፕሬዚዳንቱ ያስታመመኝ ጊዜ

ሽማግሌዎቹ ለሁለተኛ ጊዜ በመጡ ቀን ሳሎኔ ውስጥ የነበርነው እነዚህ ነን። እዚህ ለንደን ያለው የኢትዮጵያውያን ማኅበራችን ሊቀመንበር በሩ አጠገብ ቆሟል፤ ካፖርቱን አላወለቀም። ጡረታ የወጡት የአውቶቡስ ሾፌር ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው ቴሌቪዥኑ አጠገብ ቆመዋል። ከላይኛው ፎቅ የምትኖረው ኤርትራዊት ጎረቤቴ የኩሽናውን በር ተደግፋለች። ወንድሜ መስኮቱ ዘንድ ነው፤ ፊቱን ወደ ሆሎዌይ መንገድ አዙሯል። እኔ ብርድ ልብስ ተደርቦልኝ ሶፋው ላይ ተኝቻለሁ። ያልቆምኩት እኔ ብቻ ነበርኩ፤ ታማለች ስለተባለ።

አልታመምኩም ነበር።

ወንድሜ ታናሼ ነው። እኔ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ለንደን ስገባ እሱ የትምህርት ዕድል አግኝቶ አሜሪካ ሄደ። እዚያ አስተማሪ ሆነ፤ ከዚያ የክፍል ኃላፊ፣ ከዚያ ዲን፣ ከዚያ ምክትል፣ በመጨረሻ ራቅ ባለች ትንሽ ከተማ ያለ የአንድ ዩኒቨርሲቲ ፕሬዚዳንት። በየደረጃው ይደውልልኝና «እትዬ፣ አሁን ደግሞ ከፍ አደረጉኝ» ይለኝ ነበር። እኔ ያን ጊዜ ካምደን ውስጥ ቢሮ አጸዳ ነበር።

አንድ ጊዜ ሄጄ ጠይቄዋለሁ። የሚኖርበት ትልቅ ቤት የዩኒቨርሲቲው ነው። ምድር ቤቱ የእንግዳ ነው፤ ዩኒቨርሲቲውን በገንዘብ ይረዳሉ ተብለው የሚታሰቡ ሀብታሞች ይጋበዙበታል። ወንድሜ ጠዋት ውሃ ለመጠጣት ሲወርድ እንኳ ክራቫት አስሮ ነበር። «ታች ማን አለ?» ብዬ ብጠይቀው «አላውቅም፤ ለዚያ ነው የማስረው» አለኝ። ሥራው ማስተማር ይመስለኝ ነበር። እዚያ በቆየሁበት ጊዜ ሲያስተምር አላየሁትም። እጅ ሲጨብጥ ይውላል፤ ማታ ጣቶቹን ያሻል።

ኋላ ከአስተማሪዎቹ ጋር ተጣላ። አንዳንድ የትምህርት ክፍሎች ዘግቶባቸው ነበር። ተሰብስበው አንፈልገውም ብለው ድምፅ ሰጡ፤ ቦርዱም ጠርቶ ራስህ ልቀቅ አለው። ሥራው ሲሄድ ቤቱም አብሮ ሄደ። ሚስቱ ልጃቸው ዘንድ ገባች፤ እሱ ወደ እኔ መጣ። ያለኝ አንድ መኝታ ቤት ነው፤ ለቀቅኩለት። ይህን ሁሉ የነገረኝ በመጣ ዕለት ነው። ከዚያ ወዲያ አላነሳውም፤ እኔም አልጠየቅኩትም።

ዩኒቨርሲቲው ለሕዝብ ያወጣው ቃል ግን ሌላ ነው። ፕሬዚዳንቱ ለቤተሰባቸው ጊዜ ለመስጠት ሲሉ በፈቃዳቸው ለቀቁ ይላል። በዚያ አገር እንዲህ ነው የሚባለው፤ የሚያነበውም ሰው ነገሩ ይገባዋል፣ አለኝ ወንድሜ። የእኛ ሰው እንዳለ አመነው። የሊቀመንበሩ ልጅ ኢንተርኔት ላይ አይታ ለአባቷ ነገረችው። አባቷም አሰበ፤ ሰውዬው ያለው ለንደን ነው፤ ለንደን ያለችው ቤተሰቡ እህቱ ናት፤ እንዲህ ያለውን ወንበር የሚያስለቅቅ ደግሞ ከባድ በሽታ ብቻ ነው። ብዙም ሳይቆዩ የማኅበሩ ሰዎች ብርቱካንና ጸበል ይዘው ቤቴን ሞሉት።

«እግዚአብሔር ይማርዎት» ሲሉኝ ወንድሜን አየሁት። አንድ ቃል ቢናገር ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር።

«እግዜር ይስጥልን፤ አሁን ትንሽ ተሽሏታል» አለ።

በእንግዳ ፊት ወንድሜን ውሸታም አላደርገውም። ሶፋው ላይ ጋደም አልኩ።

ከዚያ ወዲያ ከቤት መውጣት ቀረ። ከደጄ እስከ ባቡር ጣቢያው ድረስ የማያውቀኝ አበሻ የለም። ዳቦና ወተት የሚገዛው ወንድሜ ሆነ። ደወል በተደወለ ቁጥር የያዝኩትን ጥዬ እተኛለሁ። እሱ ጠዋት ጠዋት ክራቫቱን አስሮ ይወጣል፤ ቤተ ክርስቲያን ሲደርስ ወንበር ይለቁለታል። እውነቱን ከጎረቤቴ በቀር የጠረጠረ የለም። «በሽተኛይቱ ትናንት በሁቨር ምንጣፍ ስትጠርግ ሰማኋት» ትለኛለች ብቻችንን ስንሆን። «ምን ዓይነት በሽታ ነው? እኔንም ይያዘኝ።»

ይህን ሁሉ እችለው ነበር። ያልቻልኩት የጓደኛዬን ነገር ነው። ለንደን እንደመጣን አንድ ክፍል ተከራይተን አብራኝ የኖረች ናት፤ ልጅ የላትም። ካምደን ያለ ሆስፒታል ተኝታለች፤ ሐኪሞቹ ከእንግዲህ የምናደርግላት የለም ብለዋል። ወንድሜ ከመምጣቱ በፊት ከሰዓት በኋላ እየሄድኩ ፀጉሯን አበጥርላት ነበር። እኔ «ከታመምኩ» ወዲህ አላየኋትም። አልጋዋ አጠገብ የማኅበሩ ሰው አይጠፋም፤ ብሄድ ወሬው ከእኔ ቀድሞ ሆሎዌይ ይደርሳል።

ወንድሜን ለመንኩት።

«ትንሽ ታገሺኝ፣ እትዬ» አለኝ። «አንድ ኮሌጅ ለኢንተርቪው ሊጠራኝ ነው። እስከዚያ ስሜ በክፉ አይነሳ።»

«እሷ እስከዚያ ባትቆይስ?»

ሸሚዙን መተኮስ ቀጠለ።

እንግዲህ በዚያን ቀን ሽማግሌዎቹ ተቀመጡ ቢባሉ እምቢ አሉ።

«እሺ ሳንባል አንቀመጥም» አለ ሊቀመንበሩ። «ፕሮፌሰር፣ ማኅበሩ ካባ ሊያለብስዎት ወስኗል። ለእህቱ ብሎ ወንበሩን የተወ ወንድም ልጆቻችን ይዩት።»

«ይህ ለእኔ አይገባም» አለ ወንድሜ፣ ከመስኮቱ ሳይዞር።

«ትሕትናውን እዩልኝ!» አሉ ሾፌሩ።

«እርስዎንም በዊልቸር እናመጣዎታለን» አለኝ ሊቀመንበሩ። «ሊፍቱን ቼክ አድርገናል።»

«ሊፍቱ ቢበላሽ ችግር የለም» አለች ጎረቤቴ። «እሷ ዊልቸሩን ተሸክማ ትወርዳለች።»

ሾፌሩ ተቆጧት። «አንቺ ሴትዮ፣ በታመመ ሰው ይቀለዳል እንዴ?»

«በታመመ ሰውስ አልቀለድኩም።»

ወንድሜ ይህን ሲሰማ ዞረ። በዚያ በትልቁ ቤት ለእንግዶቹ ሲያሳየው ያየሁትን ፈገግታ ፈገግ አለ። «እሺ» አለ። «እናንተን አክብሬ እሺ።» የሁለቱንም እጅ ጨበጠ። ተቀመጡ።

ሾፌሩ ወደ እኔ ጎንበስ አሉ። «ከሆስፒታል ነው የመጣሁት። ጓደኛዎ እርስዎን ትጠራለች። ‹እሷም ታማለች› አልናት፤ ባንላት ይሻል ነበር። ‹ታማ ሳልጠይቃት› እያለች ታለቅሳለች። ልብሴን አምጡልኝ ልሂድ ብላ ከአልጋዋ ልትወርድ ስትል ነርሶቹ መለሷት። ዛሬን የምታድር አይመስለኝም።»

«እህቴን ሐኪሙ እንዳትነሳ ብሏታል» አለ ወንድሜ ቶሎ ብሎ። ማንም አልጠየቀውም ነበር።

ብርድ ልብሱን ገለጥኩ። ሊቀመንበሩ ሊደግፈኝ ተነስቶ እጁን ዘረጋ፤ በአጠገቡ አለፍኩ። ጫማዬን አደረግሁ።

«እትዬ» አለ ወንድሜ።

ካፖርቴን ለብሼ ወጣሁ።