ሩብ ክኒን

አባቴ የደብራችን መሪጌታ ናቸው። ደም ብዛት እንዳለባቸው ሰቆጣ ሐኪም ቤት የተነገራቸው ዕለት ነርሷ ክኒኑን ለእኔ ሰጥታ፣ «በየቀኑ ጠዋት ሩብ፤ ሩብ ብቻ» አለችኝ። ራሴን ነቀነቅሁ። ትምህርቴን ያቋረጥሁት ሰባተኛ ክፍል ደርሼ ነው፤ ሩብ ከላይ አንድ፣ ከታች አራት ሆኖ እንደሚጻፍ አውቃለሁ። ፈተና ላይም ስንት ጊዜ አግኝቼዋለሁ።

ከሰቆጣ ማዶ ዝቋላ ወረዳ፣ ቤታችን እንደገባን ክኒኑን በምላጭ ከፈልሁት። አንዱ ቁራጭ ወፍራም፣ ሌላው ስስ፣ አንዱማ ፍርፋሪ ሆነ። አራት ስለሆኑ ግን አልተጠራጠርሁም። በወረቀት ጠቅልዬ አስቀመጥኋቸው፤ ሲያልቁም ሌላውን እንዲሁ እከፍል ነበር።

ጠዋት ጠዋት አባቴ ይመርጣሉ። «ዛሬ ማሕሌት ቆሜ ነው የማድረው፤ ትልቁን ስጪኝ» ይላሉ። ደህና የሆኑ ቀን ደግሞ ፍርፋሪዋን ይወስዳሉ። ሁለታችንም ብልሃተኛ የሆንን መስሎን ነበር።

በሦስተኛው ሳምንት ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ራሳቸውን አዞራቸውና ደጃፍ ላይ ወደቁ። ግንባራቸው ተላጠ። በማግስቱ እስከ መኪናው መንገድ በጎረቤት በቅሎ፣ ከዚያ በመኪና ሰቆጣ አደረስኋቸው።

ነርሷ ግፊታቸውን ለካችና «መድኃኒቱን እንዴት ነው የምትሰጪያቸው?» ብላ ጠየቀችኝ። ወረቀቱን ከመቀነቴ ፈትቼ ሰጠኋት። ቁራጮቹን በጣቷ ለያየቻቸው።

«ይህ ሩብ ነው?»

«አዎ፣ አራት ቦታ ነው የከፈልሁት።»

«አራት መሆናቸው ብቻ አይበቃም፣ እህቴ። እኩል ካልሆኑ ቁራጭ እንጂ ሩብ አይባሉም። አንድ ቀን አብዝተሽ፣ አንድ ቀን አሳንሰሽ ነው ያስዋጥሻቸው።»

ፊቴ ጋለ። አባቴ ግንባራቸውን በነጠላቸው ያዙ። ስንት ዓመት ስጽፈው የኖርሁት አራት፣ «አራት እኩል» ማለት እንደሆነ ያን ጊዜ ገባኝ።

«አሳዪኝ» አልኋት። «ሳልችል አልሄድም።»

ክኒኑ መሐሉ ላይ መስመር አለው። በመስመሩ ለሁለት ከፈለችው፤ ግማሹን ደግሞ እንደገና ለሁለት። «የግማሽ ግማሽ ነው ሩብ» አለችና ምላጩን ሰጠችኝ። የእኔው ጠመመ፤ «ዘዴውን ይዘሻል፤ እጅሽን ቤት አለማምጂው» ብላ ሰደደችኝ።

ቤት ስመለስ መድኃኒቱን ላለማባከን ከሊጥ ክኒን የሚያህሉ ክቦች ሠርቼ ፀሐይ ላይ አደረቅሁ። እነሱን እየቆረጥሁ አራቱን ቁራጭ አንዱን በአንዱ ላይ ደርቤ አስተያያለሁ። ካልገጠሙ ለዶሮ እበትናለሁ።

«እኔን ጥለሽ ዶሮዎቹን ማከም ጀመርሽ?» እያሉ አባቴ ይስቁብኛል። እኔ ግን እጄ እስኪለምድ አልተውሁም።

አንድ ጠዋት እንደ ልማዳቸው «ደክሞኛል፤ ትልቁን ስጪኝ» አሉ።

«አባዬ፣ ትልቅ ሩብ የለም።»

«ለአባትሽ ነው የምትሰስቺው?»

«ሁለተኛ ሲወድቁ አላይም።»

አፍጥጠው አዩኝ። ከዚያ የሰጠኋቸውን ዋጡ።

በወሩ ስንመለስ ነርሷ ለክታ ግፊታቸው አሁንም ከፍ ያለ ነው አለችና መጠኑን ከሩብ ወደ ግማሽ ክኒን አሳደገችው። ቤት ስንደርስ አባቴ የተቆረጡትን አይተው፣ «እነዚህ እንግዲህ ሊጣሉ ነው?» አሉ።

«ለምን ይጣላሉ? ሁለት ሩብ እኮ ግማሽ ነው።»

ሁለቱን አንሥተው መዳፋቸው ላይ አጋጠሟቸው። ወደ ብርሃኑ አቅርበው ብዙ አዩ።

«አንዷ ታንሳለች» አሉኝ።

ጎንበስ ብዬ ተመለከትሁ። እውነታቸውን ነው። ያነሰችውን ወስጄ በምትኳ ሌላ ሩብ ሰጠኋቸው።