ጳጉሜን የማያውቀው ጌም

ባለፈው ሳምንት ህይወት ከባሕር ዳር መጣች። ህይወት የታላቅ እህቴ ልጅ ናት። ሃያ አምስት ዓመት ሞልቷት፣ ሥራ ይዛ፣ ራሷን ችላ የምትኖር ሴት ሆናለች፤ እኔን ግን ዛሬም ጋሼ ነው የምትለኝ። ገና ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ ከመዳፍ ትንሽ የሚበልጥ የጌም መጫወቻ አውጥታ ጭኔ ላይ ጣል አደረገችውና የድሮ ጌሞች እንድጭንበት ጠየቀችኝ። ባሕር ዳር ውስጥ ይህን ዓይኑን ጨፍኖ የሚሠራ ወጣት ሞልቶ እኔን ሸበቶውን ምን አስፈለገሽ ብላት፣ ሳቀች።

ከፈትኩት። ዕቃው ገና እንደበራ ቀን ጠየቀኝ፤ ዓመት፣ ወር፣ ቀን። ጣቴ እዚያው ቀረ። አርባ ሊደፍን ጥቂት የቀረው ሰው ቀን ሙላ ስለተባለ መደንገጥ አልነበረበትም። እኔ ግን እንዲህ ያለውን ጥያቄ ከዓመታት በፊት አንድ ጊዜ በትክክል መልሼ፣ ምን እንዳደረግኩ እስካሁን ግራ እንደገባኝ አለሁ።

ያኔ ኮሌጅ ጨርሼ ፍኖተ ሰላም ወላጆቼ ቤት ሥራ የምጠብቅ ጎረምሳ ነበርኩ። ኮምፒዩተር ትንሽ ስለምነካካ የሰፈሩ ሰው ሬዲዮው ሲታፈን ሳይቀር ወደ እኔ ነበር የሚመጣው። በዚያ ክረምት እህቴ ጥሩወርቅ ከአራት ዓመት በኋላ ከአረብ አገር ለፈቃድ መጣች። የምትመለሰው መስከረም ዐሥር ነው፤ በእንግሊዝኛ የተጻፈውን ቲኬቷን ያነበብኩላት እኔው ነኝ። ህይወትን ለእናቴ ትታ ስትሄድ ልጅቷ አራት ዓመቷ ነበር። አሁን ስምንት ሆኗታል። አያቷን እማዬ ትላለች። የወለደቻትን ደግሞ፣ እኔ ታላቄን እንደምጠራት እየሰማች፣ እታለም ትላታለች። ጎረቤት ይሥቅ ነበር። እህቴም አብራ ትሥቅና ትንሽ ቆይታ ወደ ጓሮ ትወጣለች።

ያላመጣችላት ነገር አልነበረም፤ ቀሚስ፣ ጫማ፣ መብራት የሚያበራ ቦርሳ። ህይወት አንድ በአንድ ተቀብላ፣ አመስግና፣ አያቷ አልጋ ሥር ትከታቸዋለች። በመጨረሻ እህቴ ከሻንጣዋ ሥር አንድ የእጅ ጌም አወጣች። አሠሪዎቿ ቤት ያለው ልጅ አዲስ ሲገዛለት ጥሎት ነው። ልጁ የፋብሪካ መቆለፊያውን ሰብሮ ከውጭ የሚመጣ ማንኛውንም ጌም እንዲቀበል አድርጎት ነበር፤ ውስጡ ግን ባዶ ነው። ህይወት ጎረቤት ቤት ከቴሌቪዥን ጋር የሚሰካ አሮጌ ጌም ነበር የምትወደው፤ ድንጋይ በድንጋይ እየዘለለ ወንዝ የሚሻገር ሰውዬ ያለበት። እህቴ ይህን ታዝባለች።

"ጌትነት፣ ያን የጎረቤቱን ጌም እዚህ ውስጥ አግባልኝ" አለችኝ። "ከጎኔ የምትቀመጥበት ምክንያት አጣሁላት።"

እንዲህ ያለውን ነገር እምቢ ማለት አይቻልም። እንዴት እንደሚሠራ ግን ምንም አላውቅም። ስለዚህ ቡሬ ኮምፒዩተር ቤት የከፈተው የኮሌጅ ጓደኛዬ መላኩ ዘንድ ሄድኩ። ነሐሴ አጋማሽ ነው፤ ሚኒባሱ ማንኩሳ ላይ ጭቃ ይዞት ወርደን ገፋነው፤ ከዚያ አንዲት ሴት ከከሰል ላይ ያነሳችውን የበቆሎ እሸት ገዝቼ ጣቴ ጥቁር እስኪሆን እየፈለፈልኩ ቡሬ ገባሁ። መላኩ ኢሙሌተር የሚባል ነገር እንዳለ አስረዳኝ፤ አዲሱን ዕቃ አሮጌው ነኝ ብሎ እንዲያስብ የሚያደርግ ፕሮግራም ነው። የገባኝ መስሎኝ ራሴን ነቀነቅኩ። ጌሙን ሦስት ጊዜ የተሳሳተ ፎልደር ውስጥ ጨምሬ ሦስት ጊዜ ጥቁር ስክሪን ተመለከትኩ። በአራተኛው ሰውዬው ወንዙ ዳር ቆሞ ብቅ ሲል እኔና መላኩ ሁለት ወንዝ አሻግረነው የደረሰበትን እንዲያስታውስ ሦስተኛው ላይ ሴቭ አደረግን።

ከዚያ በኋላ የነበሩት ቀናት ጥሩ ነበሩ። እናትና ልጅ መደቡ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው በተራ ይጫወታሉ። እህቴ መጫወት አትችልም፤ ሰውየውን በየድንጋዩ ታሰምጠዋለች። ህይወት ትዕግሥቷ ሲያልቅ የእናቷን አውራ ጣት ይዛ ራሷ ትጫነዋለች። አንድ ቀን በደንብ ሳያት እህቴ ስክሪኑን አታይም ነበር። የተያዘውን ጣቷን ነበር የምታየው። እንዲህ እያሉ፣ ዕቃውን አንዴም ሳያጠፉ፣ ሴቭም ሳያደርጉ፣ ሰባተኛው ወንዝ ደረሱ።

ከዚያ ሁለት ቀን መብራት ጠፋ፤ ባትሪው ጨርሶ ሞተ። መብራት ሲመጣ ዕቃው ቀን ሙላልኝ አለ። እኔም ሳላመነታ ነሐሴ ሃያ ስምንት ብዬ ዓመተ ምሕረታችንን ጨምሬ ሞላሁለት። ችግሩ ከዚያ ጀመረ። ጌሙ በተከፈተ ቁጥር ሰውዬው ወደ ሦስተኛው ወንዝ ይመለሳል። እንደገና ሰባተኛው ድረስ አድርሰውት፣ ሴቭ አድርገው ያጠፉታል፣ ሲከፍቱት ሦስተኛው ላይ ቆሞ ያገኙታል። አጥፍቼ እንደገና ጫንኩ፤ ካርዱን አውጥቼ አራገፍኩ፤ ፎልደር ቀየርኩ። የሚገባኝ ነገር ጠፋ።

ህይወት ግን ምክንያቱን አውቃው ነበር። "እታለም ናት ያጠፋችው" አለች። "መጨረሻ የነካችው እሷ ናት።" ከዚያ ተነሥታ መደቡ ሌላኛው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። እህቴ አላስተባበለችም። እኔ ግን በራሴ ላይ እጅግ ተናደድኩ፤ የአራት ዓመት መንገድ በአንድ ጣት ተጀምሮ በኔ አላዋቂነት ሲቋረጥ እያየሁ ነው።

ጳጉሜ ሦስት ቀን ለመላኩ ደወልኩ። ሲሰማኝ ቆይቶ ስንት ዓመተ ምሕረት ብለህ ሞላህ አለኝ። ነገርኩት። ስልኩ ውስጥ ሳቁን ለቀቀው። ዕቃው የሚከፍተው በቀን የቅርቡን ሴቭ ነው፤ እዚህ ቡሬ የያዝነው በፈረንጅ ቀን የተመዘገበ ስለሆነ የናንተ ሁሉ በስምንት ዓመት ወደ ኋላ ቀርቷል አለኝ። ቀኑን በፈረንጅ አስተካክልና ሰባተኛውን ከዝርዝሩ በእጅ መርጠህ አንዴ ሴቭ አድርገው፣ በቃ።

ቀላል ነው። ግን የዛሬውን ቀን በፈረንጅ አላውቅም ነበር። ለነገሩ ወሩ ራሱ ዐሥራ ሦስተኛው ነው፤ ዕቃው ከዐሥራ ሁለት አያልፍም። አባቴ መሪጌታ ናቸው፤ ቤት ውስጥ የቀን ነገር የሚጠየቁት እሳቸው ናቸው። ጌሙን ግን እንደ ዓይን ቆሻሻ ነበር የሚያዩት። እየፈራሁ ነገርኳቸው።

መነጽራቸውን አውርደው ዕቃውን አገላብጠው አዩት። "ይሄ ዕቃ ጳጉሜን አያውቅም?"

"የሠሩት ሰዎች አያውቋትም አባባ።"

"ታዲያ ሩፋኤልን የት አደረጉት?" አሉ፤ ከልባቸው አዝነው ነበር።

ውጭ የሩፋኤል ዝናብ ይወርዳል። የሰፈሩ ልጆች፣ ህይወትም ጭምር፣ ልብሳቸውን ጥለው እየጮኹ በረከቱን ይታጠባሉ። አባቴ በጣታቸው አንጓ መቁጠር ጀመሩ። የኛ መስከረም አንድ ዘንድሮ የእነሱ ዐሥራ አንድ ነው፤ ከዚያ ወደ ኋላ ቁጠር፤ ዓመቱ ላይ ስምንት ጨምር። "በእነሱ ዛሬ መስከረም ስምንት ነው" አሉ።

እህቴ ጥግ ላይ ልብስ ታጥፍ ነበር። እጇን አቆመች። "ዛሬ መስከረም ስምንት ነው ያሉት አባባ?"

"በፈረንጁ።"

ሻንጣዋን ከፍታ ቲኬቱን አመጣችና ለኔ ሰጠችኝ። ሴፕቴምበር ዐሥር ይላል። ሴፕቴምበር መስከረም መሆኑን ከአንደኛ ደረጃ ጀምሮ በቃሌ ይዤዋለሁ፤ ስለዚህ ነበር መስከረም ዐሥር ያልኳት። እሷም አረብ አገር ቀን የምትቆጥረው ከዓርብ እስከ ዓርብ ስለነበር አመነችኝ። ሁለት ሳምንት አለኝ ብላ የተረጋጋችው በኔ ቃል ነው። አባቴ እንደገና ቆጠሩ፤ በሌላኛው እጃቸው። "ጳጉሜ አምስት" አሉ። "ከነገ ወዲያ ነው።"

አዲስ አበባ ለመድረስ ነገ ጎሕ ሲቀድ መሳፈር አለባት። አውሮፕላኑ ካመለጣት የመመለሻ ፈቃዷ ይቃጠላል፤ ያን ጊዜ ቤታችን የቆመው በእሷ እንደነበር ሁላችንም እናውቃለን። እናቴ ለስንቅ ገብስ ልትቆላ ተነሣች። እህቴ ጠዋት አጥባ ያልደረቀላትን ቀሚስ በፌስታል መጠቅለል ጀመረች። የሚቆጣኝ ሰው ብፈልግ አላገኘሁም። ምን እንደማደርግ ሲጠፋኝ ዕቃውን አንሥቼ ቀኑን አስተካከልኩ። መላኩ እንዳለው ሰባተኛውን መርጬ ሴቭ አደረግኩ። አጥፍቼ ከፈትኩት። ሰውዬው ሰባተኛው ወንዝ ዳር ቆሟል።

ህይወት ከዝናብ ገባች፤ ውኃ ከፀጉሯ ይንጠባጠባል። አያቷ እናትሽ ነገ ትሄዳለች አለቻትና ወደ ምጣዷ ዞረች። እኔ ቢያንስ በዚህ ደስ ይበላት ብዬ ስክሪኑን አሳየኋት፤ ጥፋቱ የእናቷ እንዳልነበረ፣ የቀን ስሕተት እንደሆነ፣ ስሕተቱም የኔ እንደሆነ ነገርኳት። ሰውየውን ብዙ ጊዜ አየችው።

"ጋሼ፣ እንደ ቅድሙ አድርገው" አለችኝ።

"የምትሻገሪው ሁሉ ይጠፋብሻል እኮ።"

"ይጥፋ። እናቴ የምትሄደው መስከረም ዐሥር ነው።"

እናቴ ብላ ስትናገር ሰምቼ አላውቅም። እህቴም ሰምታ አታውቅም። ፌስታሉን እንደያዘች መሬት ላይ ቁጭ አለች፤ ልጅቷን ከነእርጥበቷ ስባ ጉያዋ አስገባቻት፤ ህይወትም አልሸሸችም። እኔ ቀኑን መለስኩት። ጳጉሜን ስለማይቀበል ነሐሴ ሠላሳ አደረግኩት፤ ዓመቱንም በኛው። እስኪመሽ ድረስ ሦስት ወንዝ ተሻገሩ። ጠዋት መናኸሪያው ላይ ህይወት አላለቀሰችም። አውቶቡሱ ሲወጣ ዕቃውን ከፍታ ቀኑን አየች።

እህቴ ቀጥሎ የመጣችው ከአምስት ዓመት በኋላ ነው፤ ያን ጊዜ ተጠቅልላ ገባች። ህይወት ዐሥራ ሦስት ሆኗት፣ ሰላም ስትላት እጇን ነበር የዘረጋችው። ዛሬ ይዋደዳሉ፤ ግን አንድ ቤት ሲያድሩ በሩን አንኳኩተው ነው አንዳቸው የሌላውን ክፍል የሚገቡት። አባቴ ካረፉ ቆይተዋል። እኔም ብዙ ጊዜ አስባለሁ። ያን ቀን መላኩ ጋ ባልደውል አውሮፕላኑ ያመልጣት ነበር፤ ካመለጣት ደግሞ እዚሁ ለልጇ እናት ሆና ትቀር ነበር። ህይወት ግን ያን ሁሉ ትምህርት በምን ትማር ነበር? አንዱን ሳነሣ ሌላው ይወድቅብኛል። ትክክል የሆነው ቀን የትኛው እንደነበር ዛሬም አልለየሁም።

ባለፈው ሳምንት ይህን ሁሉ እያሰብኩ ጣቴ ስክሪኑ ላይ ቀርቶ ሳለ ህይወት ዕቃውን ከእጄ ወሰደችው። ወሩንና ቀኑን በኛ ሞላች፤ ዓመተ ምሕረቱንም የኛውን። ኋላ ሴቭ ያደረግሽው ይምታታብሻል አልኳት።

"ይምታታ" አለች። "እናቴ እንደሆነች እዚሁ ናት።"

እህቴ ግቢው ውስጥ ልብስ ታሰጣ ነበር፤ በመስኮቱ ትታየኛለች። ህይወት ይህን ያለችው ይቅር ልትለኝ ይሁን ልትወቅሰኝ አልገባኝም። መልሳ ስትሰጠኝ ግን ተቀበልኩና ጌሙን መጫን ጀመርኩ።